ድንጋይ ተሸክሜ የቆምኩ ቀን

እኔ ቅብጥብጥ ነኝ። የማወራው አንድ ቦታ ቆሞ ስለ መዋል ስለሆነ አንባቢዬ የረጋሁ ሴት እንዳልመስለው ይህን አስቀድሜ ልናገር። ሻይ አዝዤ ሳይመጣልኝ ተነስቼ የምወጣ ነኝ። ሚኒባስ እስኪሞላ መጠበቅ ስለማልችል ከደባርቅ ወደ ዳባት በእግሬ ጀምሬ፣ መኪናው ከኋላ ደርሶ ያነሳኝ ቀን ብዙ ነው፤ ሾፌሮቹ ለምደውኝ "መንገደኛዋ" ይሉኛል። ልጅ ሳለሁ በቅዳሴ ሰዓት እናቴ፣ ነፍሷን ይማርና፣ እጇን ከጭኔ አታነሳም ነበር። በተቁነጠነጥኩ ቁጥር ትቆነጥጠኛለች፣ በቆነጠጠችኝ ቁጥር እቁነጠነጣለሁ።

አባቴ ደግሞ ቆመው የኖሩ ሰው ናቸው። ዳባት ከተማ ዳር ባለች ደብር ዜማ ያስተምራሉ። ተማሪው "የኔታ" ይላቸዋል፣ ከተማው "የኔታ" ይላቸዋል፤ እኛ ልጆቻቸውም ከተማሪው ጋር ተደባልቀን ስላደግን "አባባ" ማለት ሳንለምድ ቀርተን እንደ ሰው ሁሉ "የኔታ" እንላቸዋለን። በዐቢይ ጾም ከበሮውና ጸናጽሉ ስለሚቀመጥ የሚቀረው ድምፅና መቋሚያ ብቻ ነው። አባቴ ጠዋት ይገባሉ፤ ያችን ረጅም ዘንግ አንዴ ከብብታቸው፣ አንዴ ካገጫቸው ሥር እያደረጉ፣ እህል ውሃ ሳይቀምሱ እስከ ዘጠኝ ሰዓት ይቆማሉ። በልጅነቴ አንድ ቀን "የኔታ፣ አይደክምዎትም?" ብዬ ጠየቅኋቸው።

"ይደክመኛል እንጂ፣ ልጄ" አሉኝ። "ዳሩ ደከመኝ ብዬ ማንን አቁሜ ልቀመጥ?"

አዲስ አበባ ሥዕል ልማር ሄጄ አንድ መምህራችን ስለ ክዋኔ ጥበብ ነገረን። በየአገሩ ገላቸውን እንደ ሸራ አድርገው ቀኑን ሙሉ የሚቀመጡ፣ የሚራመዱ፣ የሚራቡ፣ ዝም የሚሉ ሰዎች አሉ አለን። አንዱ ወገን ይታገሣል፣ ሌላው ወገን ያያል፤ ሥራው በሁለቱ መካከል የሚፈጠረው ነገር ነው። የክፍሉ ተማሪ አፉን ከፍቶ ሰማ። እኔ ግን በሆዴ "ይሄንንማ እኛ ቤት መጥታችሁ እዩ" ብዬ ኮራሁ። የአባቴ ሥራ በሕይወቴ ለመጀመሪያ ጊዜ የገባኝ መሰለኝ።

ጥፋቴ የጀመረው ከዚያ ነው። በተመረቅሁ በዓመቱ፣ በጾም፣ ዳባት ሄጄ ከሴቶቹ ወገን ቆምኩና ስልኬን ከነጠላዬ ሥር አሾልኬ አባቴን ቀረጽኳቸው። አላስፈቀድኩም። ስምንት ሰዓት ግድም ነበር። ዓይናቸው ተከደነ፣ አገጫቸው ከመቋሚያው ተንሸራተተ፣ መቋሚያው የወለሉን ድንጋይ ቋ አድርጎ መታ፤ እሳቸውም ወደ ፊት ተንገዳግደው ሳይወድቁ ተመለሱና ዜማውን ካቆሙበት ቀጠሉ። ነገሩ በጠቅላላው ጥቂት ሰከንድ ነው። አዲስ አበባ ወስጄ ያችኑ ጥቂት ሰከንድ እየደጋገመች እንድትዞር አድርጌ በአንድ የሥዕል ማሳያ ሰፊ ግድግዳ ላይ ለቀቅኋት። አባቴ እየተንሸራተቱ ይመለሳሉ፣ እየተንሸራተቱ ይመለሳሉ። ሰው መጀመሪያ ይስቃል፣ ቆየት ሲል ዝም ይላል። አንዲት የማላውቃት ሴት አንገቴ ላይ ተጠምጥማ አለቀሰች። ደስ አለኝ፤ መዋሸት ምን ያደርግልኛል፣ እግሬ መሬት እስኪለቅ ነው ደስ ያለኝ።

ከተመልካቾቹ አንዱ ግድግዳውን በስልኩ ቀርጾ፣ የጭፈራ ሙዚቃ ጨምሮበት ለቀቀው። ሰው ተቀባበለው። መስቀል ሳይደርስ ዳባት ገባ። ጠላ ቤት ውስጥ ዱላ ተደግፎ ማንቀላፋት ጨዋታ ሆነ አሉ። ተማሪዎቻቸው እንኳ ሲያዜሙላቸው እርስ በርስ መተያየት ጀመሩ።

አባቴ አልተቆጡም። በሚቀጥለው በዓል ከካህናቱ መሃል ወጥተው ከግንቡ ጥግ፣ ከምእመናኑ ኋላ ቆሙ። ለጠየቃቸው ሁሉ "ጉልበቴ እምቢ አለኝ" አሉ። ጉልበታቸው እምቢ እንዳላለ ዳባት ያውቃል። እኔ ስሄድ "መንገዱ ሰላም ነው? ሥራው ደህና ነው?" ይሉኝና ወደ መጽሐፋቸው ይመለሳሉ። "ልጄ" የሚለው ቃል ከአፋቸው ጠፋ። እኔም እንደ ሰው ይቅርታ በመጠየቅ ፈንታ ማስረዳት ያዝኩ። ጥበብ ነው አልኩ፤ ያበላሸው እኔ ሳልሆን ያ ባለ ስልክ ነው አልኩ፤ ሰው ቁጭ ብሎ እያየዎት አልቅሷል አልኩ።

"እዚያ ያየዎት ሰው ሁሉ እኮ ወዶዎታል፣ የኔታ።"

"እኔ እንዲወዱኝ አልቆምኩም" አሉና ገጹን ገለጡ።

ከዚያ በኋላ ደባርቅ የሥዕል መምህርነት አገኘሁ። ከአባቴ ቤት ብዙም የማይርቅ መንገድ ነው፤ እኔ ግን ሁለት ዓመት ሙሉ መንገዱ ተዘጋ፣ ፈተና ደረሰ፣ ስብሰባ ተጠራ እያልኩ በበዓል ብቻ ብቅ እል ነበር። ክፍል ውስጥ ጠመኔ እሰብራለሁ። ቤቴ ውስጥ አልጋዬን ዛሬ ከመስኮቱ ሥር፣ ነገ ከበሩ አጠገብ አደርጋለሁ። ወደ ዳባት በእግሬ የምጀምረውም ብዙውን ጊዜ ልደርስ አልነበረም፤ ወገራ ሜዳ ላይ እየተንከራተትኩ አንዳንዴ ሚኒባሱ ደርሶ ሲያነሳኝ፣ "ወራጅ አለ!" ብዬ ከከተማው መግቢያ ወርጄ የምመለስበት ቀን ነበር። እግሬ ለያዥ ለገናዥ አስቸገረ።

የአዲስ አበባ ጓደኞቼ ለአንድ ትርኢት የክዋኔ ቪዲዮ ላኪ ሲሉኝ ወዲያው ተነሳሁ። በዚህ ጊዜ ሌላ ሰው አላቆምም፣ ራሴ እቆማለሁ አልኩ። ምን ይዤ እንደምቆም ግን ማሰብ እንኳ አላስፈለገኝም፤ ድንጋይ ነው።

በእኛ አገር የበደለ ሰው ይቅርታ ሲጠይቅ ድንጋይ ይሸከማል። ከማጅራቱ ላይ ጭኖ፣ ጎንበስ ብሎ ከተበዳዩ ፊት ይቆማል። አይናገርም፤ የሚናገሩለት ሽማግሌዎች ናቸው። ተበዳዩ "ይቅር ለእግዚአብሔር" ብሎ አውርድ እስኪለው ድረስ ድንጋዩ አይወርድም። ይህን የማያውቅ የደባርቅ ሰው የለም፤ እኔም አውቃለሁ። ለራሴ የነገርኩት ግን "ለምስል ያምራል" ብዬ ነው። ዛሬ ሳስበው ያን ቃሌን አላምነውም፤ ያን ጊዜ ግን አምኜው ነበር።

ድንጋዩን ከሊማሊሞ መንገድ አፋፍ አመጣሁት። ጥቁር ነው፣ ባንድ ጎኑ ጠፍጣፋ። በሽንኩርት ሚዛን ሲመዘን ሰባት ኪሎ ወጣው። ካርቶን ላይ "የክዋኔ ጥበብ፤ ከሦስት ሰዓት እስከ ዘጠኝ ሰዓት" ብዬ በትልቁ ጻፍኩ። ለራሴም ሕግ አወጣሁ፤ አልናገርም፣ አልንቀሳቀስም፣ ማንም አይነካኝም፣ ዘጠኝ ሳይሞላ አላወርድም። የትምህርት ቤታችን የስፖርት መምህር ካሜራውን አቁሞ ሰዓት ሊይዝልኝና ዘጠኝ ሲሆን ፊሽካ ሊነፋልኝ ተስማማ።

"ቲቸር፣ ሪከርድ ልትሰብሪ ነው እንዴ?" አለኝ።

ዝም አልኩት። ሕጉን መለማመዴ ነበር።

በጾሙ አጋማሽ፣ በገበያ ቀን፣ የአንድ ቀን ፈቃድ ወስጄ በባዶ እግሬ ከእህል ተራና ከሽንኩርት ተራ መሃል ቆምኩ። ደባርቅ በሦስት ሰዓት ገና ብርዱ አለቀቃትም፤ መሬቱ እግር ይቆረጥማል። ድንጋዩን ከማጅራቴ ጫንኩ፣ በሁለት እጄ ያዝኩ፣ አንገቴን ደፋሁ። ከዚያች ደቂቃ ጀምሮ ያየሁት ዓለም እግር ብቻ ነው፤ የላስቲክ ጫማ፣ ቦት ጫማ፣ የአህያ ኮቴ። አምስት ደቂቃ ሳይሞላኝ አፍንጫዬን በላኝ።

የጠበቅኩት ምን መሰላችሁ? ሰው ይሰበሰባል፣ ክብ ይሠራል፣ ያያል፣ ይገረማል፣ ይሄዳል። አዲስ አበባ እንዲያ ነበር። መጀመሪያ የመጡት ግን ከፓርኩ ውስጥ፣ ከጊች መንደር ተነስተው ደባርቅ የሰፈሩ አንድ ሽማግሌ ነበሩ፤ ይህን በኋላ ነው የነገሩኝ። ገብስ የጫነች በቅሏቸውን እየሳቡ መጥተው ቆሙ። ካርቶኑን ቁብም አልሰጡት። የበቅሏቸውን ገመድ ለሰው ሰጡና ከፊቴ ቁጢጥ ብለው ዓይኔን ፈለጉት።

"አንቺ ልጅ፣ ከማን ጋር ነው?"

ዝም አልኩ።

"ከባልሽ ነው? ከጎረቤት ነው? ኧረ ደም ነው እንዴ?"

ዝም።

"ደግ፣ ደግ" አሉ ሽማግሌው እየተነሱ። "በዳይ አይናገርም። ወጉን ታውቃለች። እንግዲህ የሚያውቃት ሰው የለም ወይ?"

የእኔ የጥበብ ሕግና የአገሩ ሕግ አንድ ሆነው ቁጭ አሉ። ብናገር ሥራዬ ይፈርሳል፤ ዝም ባልኩ ቁጥር ደግሞ ሽማግሌው ነገሩን ያጠናክሩታል። የስፖርት መምህሩ "ሾው ነው፣ አባት፤ ትርኢት ነው" ብሎ ሊያድነኝ ሞከረ። ካርቶኑን አንብብልን አሉት። "ከሦስት ሰዓት እስከ ዘጠኝ ሰዓት" ሲል ሰው ሁሉ ሳቀ።

"ይቅርታም እንደ ቀበሌ የሥራ ሰዓት ወጣለት?" አለች አንዲት ነጭ ሽንኩርት ሻጭ። እኔም ከድንጋዩ ሥር ሆኜ ሳቄ መጣ፤ ከንፈሬን ነክሼ ያዝኩት።

ለሥራዬ ጠንቅ የሆነችው ይቺው ሴት ናት። አምስት ሰዓት ግድም ከተቀመጠችበት ተነስታ "አንገቷ ሊላጥ ነው እኮ፣ ምን አፍጥጣችሁ ታያላችሁ?" አለችና ፎጣዋን አጣጥፋ፣ ድንጋዩን ካንድ ወገን ከፍ አድርጋ ከሥሩ ከተተችው። ማንም አይነካኝም ያልኩት ሕግ እዚያ ላይ ሞተ። ቀጥላ ባዶ ጆንያ አምጥታ እግሬን አንድ ባንድ እያነሳች ከሥሩ አነጠፈችልኝ። በመጨረሻ በነጠላዋ ጫፍ አፍንጫዬን ጠረገችልኝ። ሁለት ሰዓት ሙሉ ሲያሳክከኝ የዋለው ቦታ ሲነካ እንባዬ ዱብ ዱብ አለ። "አይዞሽ፣ የኔ ልጅ" አለችኝ፤ የተጸጸትኩ መስሏታል።

ተናደድኩ። እውነቴን ነው፣ ደሜ ፈላ። ሥዕል ማሳያ ውስጥ ሰው ከሥራ ፊት ሲቆም እጁን ወደ ኋላ አጣምሮ ነው፤ እዚህ እጁን ወደ ኋላ ያጣመረ አንድ ሰው የለም። አንዱ ጥላ ይዘረጋልኛል፣ አንዷ ራስ ራሴን ትዳብሰኛለች፣ አንድ ቄስ መስቀል ያሳልሙኛል። ሽንኩርት ሻጯ ጭራሽ ሸቀጧን ጠቅልላ መጥታ ከእግሬ ሥር ዘረጋችው። "ብቻዋን እንዴት ትቆማለች" አለች ለጠየቃት፣ ከዚያም እጆሮዬ ሥር "ነጭ ሽንኩርት!" እያለች መጣራቷን ቀጠለች። እነዚህ ሰዎች ድንጋይ ተሸክሞ የቆመ ሰው አይተው ዝም ብሎ ማየት አያውቁበትም። በቪዲዮው ላይ የሚታየው እኔ ሳልሆን የሰው ጀርባ እንደሚሆን ገባኝና ይብሱን ተቃጠልኩ።

ስድስት ሰዓት ሲያልፍ እግሬ መንቀጥቀጥ ጀመረ። ከጉልበት የሚነሳ ይመስለኝ ነበር፤ አይደለም፣ ከተረከዝ ነው የሚነሳው። ቀስ ብሎ ወደ ላይ ይወጣል፣ ጭን ጋ ሲደርስ ሰውነትህ የሌላ ሰው ይሆናል። ዓይንም ሳይጠየቅ ይከደናል። አንድ ጊዜ ለቅጽበት ጨለመብኝና ወደ ፊት ተንገዳግጄ ተመለስኩ። ሰው "እሰይ! እሰይ!" አለ። ያን ጊዜ አባቴ ትዝ አሉኝ፤ እሳቸው ሲንገዳገዱ እኔ ያደረግሁት ስልኬን ማስጠጋት ነበር።

ልክ በዚያው ሰዓት ነው አንድ የሚኒባስ ሾፌር ሰዉን ገፋ ገፋ አድርጎ ገብቶ "እንዴ፣ መንገደኛዋ!" ያለው። "ይቺ የዳባቱ የኔታ ልጅ ናት እኮ! ያችን ቪዲዮ የሠራችው!"

የከበበኝ እግር ሁሉ ባለበት ቀረ። "ያ ሽማግሌውን እንቅልፍ ሲጥላቸው የሚያሳየው?" አለ አንድ ድምፅ። "አባቷን!" አለ ሌላው። ሽንኩርት ሻጯ መጣራቷን ተወች። አሁን ፎጣዋን መንጭቃ ትወስዳለች ብዬ ጠበቅሁ።

"ለዚህ ነዋ የቆመችው" አለች። "በሉ ታዲያ፣ ምን ትጠብቃላችሁ? አባቷን አምጡ!"

አይደለም፣ ለዚህ አይደለም የቆምኩት ልል ቃሉ ጉሮሮዬ ድረስ መጣ። ሽማግሌው ግን መስቀል ያሳለሙኝን ቄስ ጨመሩና በሾፌሩ ሚኒባስ ወደ ዳባት ገሰገሱ። ሰዓቱ ሰባት አልፎ ነበር።

ያን ጊዜ ማውረድ እችል ነበር። ማንም እጄን አልያዘውም። ነገር ግን ሐሳቤ እንደ በቅሎዋ ጭራ ወዲያ ወዲህ ይል ጀመር። ይመጣሉ? አይመጡም። ባይመጡስ፣ ይህ ሁሉ ሰው እያየ አልመጣም ቢሉስ? ቢመጡስ? ቢመጡ ደግሞ ካሜራው እዚያው ተገትሯል። አንድ ጊዜ ሳላስፈቅድ በሰው ፊት ያቆምኳቸውን አባቴን ለሁለተኛ ጊዜ ካሜራ ፊት ላቆማቸው ነው።  ካሜራውን አጥፋው ልል ፈለግሁ፤ ከተናገርኩ ግን ይህ ሁሉ ሰው ያመነው ነገር ይፈርሳል ብዬ ፈራሁ። ጥርሴን ነክሼ ቆምኩ።

ዘጠኝ ሰዓት ሲሆን ፊሽካው ተነፋ። "ቲቸር፣ አለቀ! ሠራሽው!" አለ የስፖርት መምህሩ፣ ብቻውንም አጨበጨበ። እጆቼን ከድንጋዩ ላይ ላላ አደረግሁ።

ሽንኩርት ሻጯ ብድግ ብላ መዳፏን ከድንጋዩ ላይ ጫነችው። "ምን አለቀ? አባቷ መንገድ ላይ ናቸው። መጥተው ባዶ እጇን ቆማ ሊያገኟት ነው?"

ልክ ነበረች። ያወረድኩ እንደሆነ ልመናውን ተውኩት ማለት ነው። አባቴን ከቤታቸው አስወጥቼ ሁለተኛ መሳለቂያ ላደርጋቸው ነው። የስፖርት መምህሩ ግራ ተጋብቶ ሰዓቱን ያያል፣ እኔን ያያል። እጆቼን መልሼ አጠበቅሁ። ሴትዮዋ ከፊት ለፊቴ ቆማ፣ "ጾሙም ሰዓቱ ደርሷል፣ ቅመሺ" ብላ የገብስ ቆሎ ቆንጥራ አፌ ውስጥ ጨመረችልኝ። እንደ ሕፃን እያኘክሁ ጠበቅሁ።

ከዘጠኝ በኋላ ያለው ጊዜ ከስድስቱ ሰዓት ይረዝማል። ስለ ቪዲዮው ማሰብ ቆመ። ስለ ጉልበቴ ማሰብ ቆመ። የመኪና ድምፅ በተሰማ ቁጥር ልቤ ትሰቀላለች፣ ሲያልፍ ትወርዳለች። ገበያው እየሳሳ ሄደ፤ የሩቅ መንገደኞች አህዮቻቸውን እየነዱ ሄዱ። ከእኔ ዙሪያ ግን የሄደ ሰው ያለ አልመሰለኝም።

መጀመሪያ ያየሁት የመቋሚያውን ጫፍ ነው። ከዚያ የአባቴን ጥቁር ጫማ አየሁ፤ ባለፈው ዓመት የገዛሁላቸውና አድርገውት አይቼ የማላውቀው ጫማ ነው።

"የኔታ" አሉ የጊቹ ሽማግሌ በሙሉ ድምፃቸው፣ "ልጅዎ አጥፍታለች፣ ድንጋይ ተሸክማ ከደጅዎ ቆማለች። ደጁ ሩቅ ቢሆን ደጁን እኛ አመጣነው። ስለ እመቤታችን ይቅር ለእግዚአብሔር ይበሉ።"

 አባቴ ከካርቶኑ ፊት ቆመው ቀስ ብለው ማንበብ ያዙ። "ከሦስት ሰዓት እስከ ዘጠኝ ሰዓት" አሉ ለራሳቸው። ከዚያ ቀና ብለው "አሁን ስንት ሰዓት ነው?" ሲሉ ጠየቁ።

"አሥር ተኩል አልፏል፣ የኔታ" አለ የስፖርት መምህሩ።

"ታዲያ ይህ ጽሑፍ ካለቀ ወዲህ የቆመችው ለማን ነው?"

"ለእርስዎ ነዋ!" አሉ ሽማግሌው።

"እርሷን ነው የጠየቅሁ።"

ሰዉ አጉረመረመ፤ በዳይ እንዲናገር አይጠየቅማ። እኔም ከጠዋት ጀምሮ ቃል አልወጣኝም ነበርና ምላሴ ከላንቃዬ ጋር ተጣብቋል። በዚህ ሁሉ ሰው ፊት መዋሸት ቀላል ነበር፤ አዎ ለእርስዎ ነው ብል ይበቃ ነበር።

"ከዘጠኝ ወዲህ ያለው የእርስዎ ነው፣ አባባ" አልኩ። ያን ስም ከየት እንዳመጣሁት አላውቅም።

"ከዘጠኝ በፊት ያለውስ?"

"የራሴ ነው። ልታይ ብዬ ነው።"

ሽንኩርት ሻጯ "አዬ አንቺ ልጅ!" ብላ ጭኗን መታች። በሕይወቴ እንደዚያ አፍሬ አላውቅም። ፎጣዋ አሁንም አንገቴ ሥር ነበር።

"ያን ጊዜም እርስዎን ስቀርጽዎት ልታይ ብዬ ነው" አልኩ። "ጥበብ ነው እያልኩ አስረዳሁዎት እንጂ አጥፍቻለሁ አላልኩዎትም። አጥፍቻለሁ።"

 አባቴ ወደ ሰዉ ዞሩ።

"ወገኖቼ፣ እግዚአብሔር ይስጥልን። ልጄን አቁማችሁ አልሄዳችሁም።" ቀጥለውም "አሁን ግን ፊታችሁን መልሱልን" አሉ።

"ልጄን" አሉ። ሰምቻለሁ። ከፊቴ የነበሩት የጫማ አፍንጫዎች አንድ ባንድ ዞረው ተረከዝ ሆኑ። ማንም አላጉረመረመም፣ ማንም ሰርቆ ለማየት አልሞከረም፤ ቀኑን ሙሉ እጃቸው ከላዬ ያልወረደ ሰዎች ጀርባቸውን ሰጥተውን ቆሙ። የስፖርት መምህሩ ጃኬቱን አውልቆ ካሜራው ላይ ጣለበት፣ እሱም ዞረ።

አባቴ ተጠጉኝ። የብራና ሽታቸው መጣ። "ጉልበትሽን ቀጥ አታድርጊው" አሉኝ ዝግ ባለ ድምፅ። "ላላ አድርጊው። ቀጥ ካደረግሽው ይጥልሻል። ይህን ሳላስተምርሽ ነው ያሳደግሁሽ።" ጉልበቴን አላላሁ። መንቀጥቀጡ እውነትም ጋብ አለ።

"ይቅር ለእግዚአብሔር" አሉ። ከዚያም መቋሚያቸውን በብብታቸው ይዘው አንድ እጃቸውን ወደ ድንጋዩ ሰደዱ። "የእኔን ወገን እኔ እይዛለሁ። ያን የራስሽን አንቺ ያዢ።"

ድንጋዩን አባቴ ባንድ ወገን፣ እኔ ባንድ ወገን ይዘን አወረድነው። ከዚያ እግሬ ከዳኝና ጆንያው ላይ ዝርግፍ አልኩ። ሽንኩርት ሻጯ ዞራ ሳታይ እንኳ ድምፁን ሰምታ "እልል!" አለች፣ ሌሎቹም ተቀበሏት።

ፎጣዋን ልመልስላት ስል "ላቡን እጠቢና አምጪ" አለችኝ፤ አጥቤ መለስኩላት። ቪዲዮው ከሦስት ሰዓት እስከ ጃኬቱ ድረስ አለ። አልላክሁትም። ያን ግድግዳ ላይ የዞረውንም ከራሴ ዘንድ አጠፋሁት፤ ከሰው ስልክ ላጠፋው እንደማልችል ግን አውቃለሁ፣ አባቴም ያውቃሉ።

በዚያው ጾም፣ ሳምንት ሳይሞላ፣ ሚኒባሱ እስኪሞላ ቁጭ ብዬ ጠብቄ ዳባት ሄድኩ። ስልኬን ቤት ተውኩት። አባቴ ከግንቡ ጥግ አልነበሩም፤ ከካህናቱ መሃል፣ ከድሮ ቦታቸው ቆመዋል። ከሴቶቹ ወገን ገብቼ ጉልበቴን ላላ አድርጌ ቆምኩ። ስድስት ሰዓት ሆነ፣ ሰባት ሆነ። ስምንት ሰዓት ግድም የአባቴ ዓይን ሲከደን አየሁ፤ አገጫቸው ሲላላ አየሁ። በአጠገቤ የነበረች አንዲት ወጣት አንገቷን ወደ እሳቸው ስትመዝ እጄን እንደ እናቴ ጭኗ ላይ አሳረፍኩ። ፊቴን ወደ ግንቡ መለስኩ።

መቋሚያው ወለሉን ቋ ሲያደርገው ሰማሁ። ዜማው ካቆመበት እስኪቀጥል ድረስ ግንቡን እያየሁ ቆየሁ።